የዘመንና የሕልም ሊቅ ሕይወት እንዴት ይጻፋል?

በምናብ ዓለም የሚኖር ሊቅን ሕይወት ለመጻፍ የሚነሣ ሰው ብዙውን ጊዜ የሚጀምረው ከነጭ ጺሙ፣ ከመቋሚያውና ከተአምራቱ ነው። እኔም የጀመርሁት እንዲሁ ነበር። በመጀመሪያው ረቂቄ ላይ ባለ ታሪኩ ዘመንን ወደ ኋላ የሚመልስ፣ ሰው ሕልም ውስጥ ገብቶ የሚወጣ ሽማግሌ ነበር፤ ዕውቀቱን ከማን እንደ ተማረ፣ በምን እንደሚተዳደርና ምን ላይ እንደሚሳሳት ግን አንድም መስመር አልጻፍሁም። ረቂቁን ያነበቡልኝ እዚሁ ጎንደር በሰፈራችን የሚኖሩ አንድ አረጋዊ መሪጌታ ደብተሩን ሲመልሱልኝ፣ «ልጄ፣ ይህ ሰው ጠንቋይ ነው እንጂ ሊቅ አይደለም። ሊቅ መምህር አለው» አሉኝ። ይህ መመሪያ የተጻፈው ያን ረቂቅ ጥዬ እንደ ገና ስጀምር የተማርሁትን ለሌላ ጸሐፊ ለማካፈል ነው።

ዘመንንና ሕልምን በአንድ ሰው ላይ ማገናኘት አዲስ ፈጠራ አይደለም። ሙሉ ይዘቱ በግዕዝ ብቻ ተጠብቆ የቆየው መጽሐፈ ሄኖክ ከምዕራፍ 72 እስከ 82 የፀሐይን፣ የጨረቃንና የከዋክብትን ጉዞ ይቈጥራል፤ ከምዕራፍ 83 እስከ 90 ደግሞ ሄኖክ ያያቸውን ሕልሞች ይተርካል። በ1762 ዓ.ም. ጎንደር የገባው ስኮትላንዳዊው ጄምስ ብሩስ ወደ አውሮፓ ይዟቸው ከተመለሰው የብራና መጻሕፍት መካከል ይህ መጽሐፍ ይገኝበት ነበር። እኔን ከሁሉ ይልቅ የሚገርመኝ ግን አንድ ትንሽ ነገር ነው፦ ሄኖክ የመጀመሪያውን ሕልም ያየው ጽሕፈት በሚማርበት ጊዜ እንደ ነበር፣ በእንቅልፉ ሲጮኽም የቀሰቀሰው አያቱ መላልኤል እንደ ነበር ራሱ ይናገራል። ሰማይንና ምድርን የሚያይ ሰው እንኳ ፊደል የሚቈጥር ልጅ ሆኖ፣ አያቱ ቤት ተኝቶ ነው የሚጀምረው። የእርስዎም ባለ ታሪክ እንዲህ ይጀምር።

ከሁሉ አስቀድሞ ግን ሁለቱን ሙያዎች መለየት ያስፈልጋል። ዘመን ይቈጠራል፣ ሕልም ይፈታል። ቁጥር አንድ መልስ ብቻ ስላለው የተሳሳተ ሰው ይታረማል። ሕልም ግን የጎንደር መምህራን መጻሕፍትን ሲተረጕሙ እንደሚያደርጉት «አንድም እንዲህ ነው፣ አንድም እንዲያ ነው» እየተባለ ይፈታል፤ ሁለተኛው «አንድም» የመጀመሪያውን ሳያፈርስ አጠገቡ ይቆማል። «ሕልም እንደ ፈቺው ነው» የሚባለውም ስለዚህ ነው። በእኔ አስተያየት የእንዲህ ያለ ሊቅ የሕይወት ታሪክ ሁሉ የሚሽከረከረው በዚህ ልዩነት ላይ ነው፤ ትልቁ ስሕተቱም ሊሆን የሚገባው ሁለቱን ማደባለቁ፣ ማለትም የሚቈጠረውን «አንድም» እያለ ማምለጡ ወይም ለሕልም እንደ ሒሳብ አንድ መልስ መስጠቱ ነው።

ዘመኑን አስቀድሞ መሥራት

ብዙ ጸሐፊ «በሺህ ዓመት አንዴ በሚመጣው ዘመን» ብሎ ያልፋል። አንባቢ የሚያምነው ግን ሊቁ ሲያሰላ ሲያይ ነው። ለዚህም የቤተ ክርስቲያን የዘመን ቆጠራ ትምህርት ከሆነው ከባሕረ ሐሳብ የተሻለ ትምህርት ቤት አላገኘሁም። እስኪ የ2018ን ዓመት አብረን እናስላው። ከክርስቶስ ልደት በፊት የሚቈጠረው 5500 ሲደመር ዓመተ ዓለሙ፣ ማለትም ከፍጥረት ጀምሮ ያለው ዓመት፣ 7518 ይሆናል። ይህ ለ4 ሲካፈል 2 ይተርፋል፤ አንድ ሲተርፍ ማቴዎስ፣ ሁለት ሲተርፍ ማርቆስ፣ ሦስት ሲተርፍ ሉቃስ፣ ምንም ሳይተርፍ ሲቀር ዮሐንስ ስለሆነ ዘመኑ ዘመነ ማርቆስ ነው። 7518 ለ19 ሲካፈል 13 ይተርፋል፤ ከዚህ አንድ ሲቀነስ ወንበር የሚባለው መነሻ ቁጥር 12 ነው። 12 በ11 ተባዝቶ በ30 ሲገደፍ፣ ማለትም 30 እየተጣለ ቀሪው ሲያዝ፣ የጨረቃን ዕድሜ የሚያሳየው አበቅቴ 12፣ በ19 ተባዝቶ በ30 ሲገደፍ ደግሞ የአጽዋማትና የበዓላት መነሻ የሆነው መጥቅዕ 18 ይወጣል። ሁለቱ ሲደመሩ 30 መምጣት አለባቸው፤ ካልመጡ ስሌቱ ተበላሽቷል። መጥቅዑ መስከረም 18 እሑድ ስለሚውል፣ በ18 ላይ የእሑድ ተውሳክ፣ ማለትም የተወሰነው ጭማሪ፣ 7 ሲጨመር ጾመ ነነዌ ጥር 25 ይገባል። በ25 ላይ የትንሣኤ ተውሳክ 9 ሲጨመር 34 ይሆናል፤ 30ው ተገድፎ ፋሲካ ሚያዝያ 4 ይውላል። ባለ ታሪክዎ ይህን የመሰለ ስሌት በጣቱ አንጓ እየቈጠረ ሲሠራ አንድ ጊዜ ብቻ በሙሉ ያሳዩት፤ ከዚያ በኋላ «አሰላና ዝም አለ» ቢሉ እንኳ አንባቢ ይፈራል።

ከዚሁ ትምህርት ለታሪኩ አጥንት የሚሆን ሌላ ነገር ይገኛል። በባሕረ ሐሳብ ቆጠራ ጨረቃ በየ19 ዓመቱ ወደ ነበረችበት ቀን ትመለሳለች፤ ይህ ዐውደ አበቅቴ ነው። አበቅቴና ወንጌላዊ ተያይዘው የሚመለሱት በ76 ዓመት ነው፤ ይህም ዐውደ ማኅተም ይባላል። ዕለቱ ጭምር የሚገጥመው ደግሞ በ532 ዓመት፣ በዐውደ ቀመር ነው። 76 ዓመት የአንድ ሰው ዕድሜ ነው፣ 532 ግን ለማንም አይበቃም። ስለዚህ ሊቁ በ19፣ በ38፣ በ57 እና በ76 ዓመቱ፣ በዚያችው የጨረቃ ሌሊት አንድ ሕልም ተመልሶ የሚመጣበት ሰው ቢሆን፣ የሕይወቱ አራት ማዕዘኖች ያለ ብዙ ድካም ይቆማሉ። በዘመነ ማርቆስ ከተወለደ 19 ሲሞላው ዘመኑ ማቴዎስ፣ በ38 ዮሐንስ፣ በ57 ሉቃስ፣ በ76 እንደ ገና ማርቆስ ይሆናል፤ ወንጌላውያኑ ወደ ኋላ እየተራመዱ ይመለሳሉ ማለት ነው። ይህን እኔ አልፈጠርሁትም፣ ሒሳቡ ራሱ የሰጠኝ ነው፤ ጸሐፊ እንዲህ ያለውን ስጦታ መጣል የለበትም።

ከኛ የተለየ አቆጣጠር መፍጠር የሚፈልግ ሰው አስቀድሞ ወረቀት ላይ ይፈትነው። እኔ በአንድ ታሪክ ላይ 9 ቀን ያለው ሳምንት ፈጥሬ፣ ዕለቱ ከወሩ ቀን ጋር ገጥሞ የሚመለስበት የኛ የፀሐይ ዐውድ 4 ጊዜ 7፣ 28 ዓመት ስለሆነ የነሱ 4 ጊዜ 9፣ 36 ነው ብዬ ጻፍሁ። ዩኒቨርሲቲ ሒሳብ የሚማረው የእኅቴ ልጅ ያንን አይቶ ሳቀብኝ። አራት ዓመት 1461 ቀን ነው፤ ለ9 ሲካፈል 3 ይተርፋል፤ ስለዚህ ዕለቱ በ12 ዓመት ይመለሳል እንጂ 36 አይጠብቅም። 36ን በጨረቃ 19 አባዝቼ 684 ዓመት ያልሁት ታላቅ ዐውድም ወደ 228 ወረደና በላዩ የሠራሁት ትንቢት ሁሉ አብሮ ወደቀ። አራት ምዕራፍ ነው የጣልሁት።

ከሁሉ የበለጠ ሀብት ያገኘሁት ግን ከጳጉሜን ነው። ሊቃውንቱ ዓመቱን 365 ቀን ከ15 ኬክሮስ ከ6 ካልዒት ይሉታል። 60 ኬክሮስ አንድ ቀን፣ 60 ካልዒት አንድ ኬክሮስ ነው፤ ስለዚህ አንድ ኬክሮስ በእጅ ሰዓታችን 24 ደቂቃ ይሆናል። 15ቱ ኬክሮስ በአራት ዓመት ተጠራቅሞ በዘመነ ሉቃስ ማብቂያ ስድስተኛዋን ጳጉሜን ይሰጠናል። 6ቱ ካልዒት ግን አንድ ቀን እስኪሞላ ድረስ 600 ዓመት ይፈጃል፣ በዚያን ጊዜም ጳጉሜን ሰባት ቀን ትሆናለች ይባላል። የባለ ታሪኩ የዕድሜ ልክ ጥያቄ ከዚህ ሊወጣ ይችላል፦ ማንም በሕይወት ያለ ሰው ባላያት በሰባተኛዋ ጳጉሜን የታየ ሕልም የየትኛው ዓመት ሕልም ነው? ከሄደው ዓመት ነው የሚሉ መምህራን ይኑሩ፣ ከሚመጣው ነው የሚሉም ይኑሩ፤ የኛ ሰው በሁለቱ መካከል ይደግ።

መምህሩና ጎጆው

የትምህርቱን ዓመታት ጸሐፊዎች በአንድ አንቀጽ ያልፏቸዋል። እኔ ግን የታሪኩን ሲሶ ለእነዚህ ዓመታት እሰጣለሁ። የምናቡን ዓለም ትምህርት ቤት ከንባብ ቤት፣ ከዜማ ቤት፣ ከቅኔ ቤትና ከመጻሕፍት ቤት ሥርዓት ቀድቶ ስሙን መለወጥ ይቻላል፤ የጎንደር ልጅ የሆነ ጸሐፊ ግን መለወጡን ራሱ ላያስፈልገው ይችላል። ልጁ ለምዱን ለብሶ፣ አኩፋዳውን አንጠልጥሎ፣ «በእንተ ስማ ለማርያም» እያለ ከውሻ ጋር የሚታገልበት መንገድ፣ የደረቀ ኮቸሮ ውኃ ነክሮ የሚበላበት ጎጆ፣ ሌሊት በቃል የሚቀጸልበት ጉባኤ ሁሉ ከማንኛውም አስማት ይልቅ ሊቅነቱን ያስረዳል። ቅኔ ቤት ደግሞ ለሕልም ፈቺ ሁነኛ መሰናዶ ነው፤ ሰምና ወርቅ መለየት የለመደ ልጅ ሕልምን ሲሰማ ሰሙን ሰምቶ ወርቁን ይፈልጋልና። ለብቻው ቍጥቋጦ ሥር ተቀምጦ ቅኔ ሲቈጥር እንቅልፍ ቢወስደው፣ የመጀመሪያው ሕልም የሚመጣበት ጥሩ ቦታ ያ ነው።

ባለ ታሪኳ ሴት ብትሆን ማን ያምናል ብሎ የሚጠይቅ ሰው አጋጥሞኛል። የጎጃሟ እማሆይ ገላነሽ ሐዲስ ዓይነ ስውር ሆነው ቅኔ ያስተማሩ መምህርት ነበሩ። በእውነተኛው ዓለም የሆነውን በምናብ ዓለም ለምን እንደምንከለክል አይገባኝም።

መሣሪያውንም ቢሆን በቅርብ ማሳየት ይገባል። ሰዓት ሳይኖር ሰዓት በጥላ ይለካ ነበር። መሪጌታ ይህን እንዲያሳዩኝ በሚያዝያ አንድ ቀን ግቢያቸው ገባሁ። ጫማቸውን አውልቀው ጀርባቸውን ለፀሐይ ሰጥተው ቀጥ ብለው ቆሙና፣ የጥላቸው ራስ ያረፈበት ላይ ጠጠር እንዳስቀምጥ ነገሩኝ። ከዚያ ከቆሙበት ተነሥተው ተረከዝን ከጣት እያገናኙ፣ አንድ፣ ሁለት እያሉ ጠጠሩ ድረስ በእግራቸው ለኩት። «የረዥም ሰው ጥላው ረዥም ነው፤ እግሩም ግን ረዥም ነው፤ ስለዚህ ሁሉም በገዛ እግሩ ይለካል» ሲሉኝ፣ ከመጻሕፍት ያላገኘሁትን አንድ ባሕርይ ለባለ ታሪኬ አገኘሁለት። በጎንደር በሚያዝያ አጋማሽና በነሐሴ አጋማሽ ገደማ ፀሐይ በቀትር አናት ላይ ስለምትቆም ጥላ ከእግር በታች ይጠፋል። የነሐሴውን ደመና ስለሚከልለው የሚታየው የሚያዝያው ነው። ጥላ የሌለባት ቀትር የዘመን ሊቅ የሚፈተንባት ሰዓት ልትሆን ትችላለች።

በዚህ ላይ የመጽሐፍና የግቢ ጠብ ይጨመርበት። ሄኖክ ቀንና ሌሊትን 18 ክፍል አድርጎ፣ ረዥሙ ቀን 12 ክፍል፣ ሌሊቱ 6 ክፍል ይሆናል ይላል፤ ቀኑ የሌሊቱ እጥፍ መሆኑ ነው። ጎንደር ላይ ቆሞ የሚለካ ሰው ግን በረዥሙና በአጭሩ ቀን መካከል የሚያገኘው ልዩነት አንድ ሰዓት ተኩል ያህል ብቻ ነው። መጽሐፉን የሚወድና ጥላውን የሚለካ ወጣት ምን ያድርግ? መምህሩ «አንድም» ብሎ ሊያስታርቅለት ይሞክር፤ ልጁ ግን ቁጥር «አንድም» የለውም ብሎ ይነሣ። የሁለቱ መለያየት የሚጀምረው እዚህ ላይ ቢሆን፣ ያለ ክፉ ሰው የሚሠራ ጠብ ይገኛል።

ሹመቱ

ሊቁ በምን ይበላል? ይህን ጥያቄ ያልመለሰ ታሪክ አየር ላይ ይቀራል። በጎንደር ዘመን አድባራት ለሚያገለግሏቸው ካህናትና ደብተራዎች ሪም የሚባል መሬት ይሰጥ ነበር፤ ለምናቡ ሊቅም እንዲህ ያለ መተዳደሪያ ቢሰጠው፣ ንጉሥ የማይወደውን ፍቺ ሲናገር የሚያጣው ነገር ይኖረዋል። ለሹመት ስምም ሩቅ መሄድ አያስፈልግም። በታሪካችን «ዐቃቤ ሰዓት» የሚባል፣ ከሐይቅ እስጢፋኖስ ገዳም አለቆች ጋር የተያያዘ፣ በቤተ መንግሥት እጅግ የተከበረ ማዕርግ ነበር፤ ቃሉ የሰዓት ጠባቂ ማለት ነው። በዚሁ አምሳል «ዐቃቤ ሕልም» የሚባል ሹመት ቢፈጠር አማርኛ አንባቢ ማብራሪያ ሳይጠይቅ ይቀበለዋል። ቦታውን ለማየት ደግሞ ፋሲል ግቢ ገብቶ የቀዳማዊ ዮሐንስ ቤተ መጻሕፍት ከሚባለው ሕንፃ ጥግ ለአንድ ሰዓት መቀመጥ ይበቃል፤ ከዚያ እስከ ነገሥታቱ አዳራሽ ያለውን ርቀት በእርምጃ ቈጥሬ፣ ሊቁ ሲጠራ ስንት እርምጃ እንደሚያስብ የወሰንሁት እንዲሁ ነው።

አጻጻፉ ወደ ገድል እንዳይሄድ መጠንቀቅ ያሻል። የገድል ጻድቅ አይሳሳትም፣ ቃል ኪዳንም ይቀበላል፤ የኛ ሰው ግን መሳሳት አለበት። ከገድል ይልቅ የነገሥታቱን ዜና መዋዕል ልማድ ብከተል እመርጣለሁ፤ ወንጌላዊውንና አበቅቴውን ጠቅሶ፣ ወሩንና ዕለቱን ቈርጦ፣ የሆነውን ነገር ያለ ብዙ ማሞገስ ይናገራልና። የሕልም ትረካ በተለይ እንዲህ ያለ ደረቅ ቋንቋ ይፈልጋል። ሕልሙ ራሱ እንግዳ ስለሆነ፣ ቋንቋው ደግሞ ከተደናገረ አንባቢው የሚይዘው ነገር ያጣል።

ሕልሙን መጻፍ

ሕልም ከመፈታቱ በፊት መነገር አለበት፤ መነገሩም ሥርዓት አለው። ሰው «ሕልም አየሁ» ሲል ሰሚው ሳያዳምጥ ገና «መልካም ነው» ይላል። ጥርስ ወልቆ ካዩ ዘመድ ይሞታል የሚል አለ፤ ዱካክ የተጫነውን ሰው ሕልም አልቈጥርም የሚል ፈቺም ሊኖር ይችላል። ይህ የሁሉም ሰው ዕውቀት ስለሆነ፣ ሊቁ ከጎረቤት አሮጊት የሚለይበትን አንድ ነገር ይፈልጉለት። የኔው ባለ ታሪክ የሚለየው ሕልሙን ከመስማቱ በፊት ሰዓቱን በመጠየቁ ነው። ከዶሮ ጩኸት በፊት ነበር ወይስ በኋላ? ከረቂቄ አንድ ቁራጭ እነሆ፦

ልጁ እህል ሳይቀምስ ወደ የኔታ ጎጆ ሄደና ደጁ ላይ ቆመ።
«የኔታ፣ ሕልም አይቻለሁ።»
«መልካም ነው። ለማን ነገርኸው?»
«ለማንም አልነገርሁም።»
«እንግዲያውስ ገና አልተፈታም። ስንት ሰዓት ነበር?»
«ጨረቃ ገብታ ነበር፤ ዶሮ ግን አልጮኸም።»
የኔታ ጣታቸውን አጥፈው ቈጠሩ። ከዚያ ሕልሙን ሳይጠይቁት፣ «ይህ ያንተ አይደለም። ከ19 ዓመት በፊት እዚህ ተኝቶ የነበረ ልጅ ነው የረሳው» አሉት።

በዚህች ቁራጭ ውስጥ ሕልሙ ምን እንደ ነበር አልተነገረም። እኔ የምመክረውም ይኸው ነው፤ የመጀመሪያውን ሕልም ሙሉ ይዘት እስከ ሁለተኛው ድረስ ማቆየት ይቻላል። በ38 ዓመቱ ግን ይነገር፤ ያውም በንጉሥ ፊት፣ ያውም በአንድ መልስ። «አንድም» ማለትን በሒሳብ ፍቅር የተወ ሰው፣ ሰባተኛዋ ጳጉሜን ባለፈች በጥቂት ሳምንት ውስጥ ሕልሙን እንደ ፋሲካ ቀን ቈርጦ ይፈታዋል፣ ይሳሳታልም። በስሕተቱ ምን እንደሚጠፋ፣ ሠራዊት ይሁን ወይም የመምህሩ ክብር፣ ለእርስዎ ትቼዋለሁ። ሪሙን ተነጥቆ የሚኖርባቸውን ከዚያ በኋላ ያሉ ዓመታት በአጭሩ ማለፍ ይሻላል፤ መከራ ሲረዝም ይሰለቻል።

አንድ ነገር ግን አይዘንጋ። ያቺ የተጨመረች ቀን የወሩን ቀኖች ሁሉ በአንድ ገፍታቸዋለች። ሕልሙ ጥቅምት 13 ሌሊት የሚመጣ ከነበረ፣ ከሰባተኛዋ ጳጉሜን በኋላ ጨረቃዋ በዚያው ዕድሜዋ የምትገኘው ጥቅምት 12 ነው። በ57 ዓመቱ ሊቁ ይህን ሳያስብ በ13 ሌሊት ጾሞ፣ ብራናውን ዘርግቶ፣ ብርዑን ቀርጾ ይጠብቃል፤ ሕልሙ ግን ትናንት፣ ደክሞት በጠላ ራሱን ጥሎ በተኛበት ሌሊት፣ መጥቶ ሄዷል። ለሌላው ሁሉ ሲያሰላ የኖረ ሰው ለራሱ አንድ ቀን መደመር መርሳቱን የሚያውቀው ያን ጊዜ ነው።

የመጨረሻውን ምዕራፍ ከመጻፍዎ በፊት ዕለቱን ያስሉ። የተወለደው ጥቅምት 13 ሐሙስ ከሆነ፣ ከ76 ዓመት በኋላ ጥቅምት 13 ሰኞ ይውላል እንጂ ሐሙስ አይመለስም። ሰባተኛዋ ጳጉሜን እንደ ማንኛዋም ቀን ከሰባቱ ዕለታት አንዱን ይዛ ከሆነ ደግሞ ማክሰኞ ነው። ከሁለቱ አንዱን ይምረጡና ወደ ኋላ ሄደው እያንዳንዱን ቀን ያስተካክሉ፤ ምክንያቱም ደቀ መዝሙሩ ብርዕና ቀለም ይዞ ከአልጋው ራስጌ የሚቀመጠው በየትኛው ሌሊት እንደ ሆነ የሚወስነው ይህ ምርጫ ነው።